የቆርቆሮ ቤት ኮርኒስ ላይ ሁለተኛ የኢንሱሌሽን ንጣፍ እንዴት ይጨመራል?

የጅማ ዝናብ ቆርቆሮ ላይ ሲወርድ ምን እንደሚያሰማ ለጅማ ሰው መንገር አያስፈልግም። ጎን ለጎን ተቀምጦ መደማመጥ አይቻልም። የካቲትና መጋቢት ላይ ደግሞ ችግሩ ሌላ ነው። ከቀኑ 7 ሰዓት እስከ 10 ሰዓት እናቴ ክፍሏ ውስጥ ጋደም ማለት ስለማትችል ወንበሯን ይዛ ማንጎው ሥር ትወጣ ነበር። ታኅሣሥ ሌሊት ላይ ደግሞ ያው ክፍል ይቀዘቅዛል። ሰበቡ አንድ ነው፤ በሰው አናትና በፀሐዩ መካከል ያለው ነገር አንዲት ስስ ቆርቆሮና አንድ ሰሌዳ ኮርኒስ ብቻ ነው።

ከ3 ዓመት በፊት ኮርኒሱ ላይ 5 ሴንቲ ፋይበር ግላስ (ከመስታወት ክር የተሠራ ጥጥ መሰል ንጣፍ) አስነጥፈን ነበር። ለውጥ አምጥቷል፣ ግን አልበቃም። ዘንድሮ ኅዳር ላይ ሌላ 5 ሴንቲ ልጨምር ወጣሁና የድሮውን ገለጥ ሳደርገው አዘንኩ። ከሲሶው በላይ ረጥቦ ጠቁሯል፣ አይጥ ጎጆ ሠርቶበታል፣ የምጣዱ ገመድ ሥሩ ተቀብሯል። ያኔ የሠራልን ባለሙያ ጥቅልሉን ዘርግቶ ከመውረድ በቀር ምንም አላየም ነበር። ስለዚህ ይህን የምጽፈው ጥቅልሉን ስለመዘርጋት ብቻ አይደለም። መዘርጋቱ የግማሽ ቀን ሥራ ነው። ዋናው ሥራ ከዚያ በፊት ያለው ነው፤ መጀመሪያ ውሃ፣ ቀጥሎ ኤሌክትሪክ፣ ቀጥሎ አይጥና ምስጥ፣ ከዚያ ክፍተት መድፈን፣ መጨረሻ ላይ ንጣፍ። ቅደም ተከተሉ ከተዛባ ገንዘባችሁን ውሃ በላው ማለት ነው።

መቼ ይሠራ

ከኅዳር እስከ ጥር። ጅማ ዝናቧ ሙሉ በሙሉ የሚቆምበት ወር እምብዛም ነው፣ በእነዚህ ወራት ግን ይቀንሳል። ቆርቆሮውም እንጨቱም ደረቅ የሚሆነው ያኔ ነው። እርጥብ ነገር ላይ ደረቅ ንጣፍ ካደረጋችሁ እርጥበቱን አፍናችሁ አስቀመጣችሁት።

ሰዓቱም ወሳኝ ነው። ጠዋት 12 ሰዓት ተኩል ላይ ጀምሩና 4 ሰዓት ሳይሞላ ውረዱ። ፀሐይ ጠንከር ስትል ቆርቆሮ ከ60 ዲግሪ በላይ ሊግል ይችላል፣ እናንተ ደግሞ ከሥሩ ተጎንብሳችሁ ነው የምትሠሩት። ሰው እዚያ ውስጥ ራሱን ሊስት ይችላል። ብቻችሁን አትውጡ። ታች የሚያቀብል፣ ድምፃችሁን የሚሰማ አንድ ሰው ይኑር። ሥራውን በሁለት ሦስት ጠዋት ከፋፍሉት።

እንዴት ይወጣል

ብዙ ቤቶች ኮርኒሳቸው ላይ መግቢያ የላቸውም። ኮሪደር ወይም ዕቃ ቤት ውስጥ፣ በሁለት ሞራሌዎች (ኮርኒሱ የተመታባቸው እንጨቶች) መካከል፣ 60 በ60 ሴንቲ አድርጋችሁ ቁረጡ። ከመቁረጣችሁ በፊት ኮርኒሱን በጣታችሁ አንኳኩ። ሞራሌ ያለበት ቦታ ድምፁ ይደፈናል፣ የሌለበት ይጮሃል። የተቆረጠውን ሰሌዳ እንዳትጥሉት፣ ክዳን ይሆናል።

ላይ ከወጣችሁ በኋላ አንድ ሕግ አለ፤ ሰሌዳው ላይ አይረገጥም። ቺፕውድም ሆነ ኤምዲኤፍ፣ ፕላስቲክም ሆነ ጂፕሰም ሰው አይሸከምም። የሚረገጠው ሞራሌው ብቻ ነው፣ እሱም ቢሆን ጤነኛ መሆኑ ከተረጋገጠ። እኔ ሁለት ረጃጅም ጣውላ ይዤ ወጥቼ ሦስት አራት ሞራሌ ላይ አጋድሜ እነሱ ላይ እየተንበረከኩ ነው የሠራሁት። አንዱን እየተሻገርኩ ሌላውን ወደፊት እገፋለሁ። ቀርፋፋ ነው፣ ግን ማንም ሳሎን ውስጥ አይወድቅም።

ልብሳችሁ እጀ ረጅም፣ አንገት የሚሸፍን ይሁን። ጓንት፣ መነጽር፣ አፍና አፍንጫን ጥብቅ አድርጎ የሚይዝ ማስክ ያስፈልጋል። ፋይበር ግላስ ቆዳ ያሳክካል፣ ዓይን ያቃጥላል፣ ጉሮሮም ይከረክራል። ሲጨርሱ መጀመሪያ በቀዝቃዛ ውሃ ታጠቡ፣ ልብሱን ከሌላ ልብስ ጋር ሳትቀላቅሉ ለብቻው እጠቡት። ግንባር ላይ የሚታሰር ባትሪ ከስልክ መብራት ይሻላል፣ ሁለቱንም እጅ ነፃ ያደርጋል።

ቤታችሁ አሮጌ ከሆነ አንድ ነገር በጣም ተጠንቀቁ። ጣሪያው ወይም ኮርኒሱ ኢተርኒት የሚባለው ግራጫ ጠንካራ ሰሌዳ ከሆነ አስቤስቶስ ሊኖረው ይችላል። አትቁረጡት፣ አትብሱት፣ አትስበሩት። ብናኙ ሳንባ ውስጥ ገብቶ ከብዙ ዓመት በኋላ ካንሰር የሚያመጣ ነው። እንዲህ ያለ ቤት ውስጥ ሥራውን አቁማችሁ የሚያውቅ ሰው አማክሩ።

መጀመሪያ ውሃው

እዚህ ላይ ጊዜ ውሰዱ። እኩለ ቀን ሊሆን ሲል ለጥቂት ደቂቃ ብቻ ወጥታችሁ መግቢያውን ከሥራችሁ ክደኑ፣ ባትሪያችሁንም አጥፉ። ዓይናችሁ ጨለማውን ሲለምድ ቆርቆሮው ላይ እንደ ኮከብ የሚያበሩ ነጥቦች ታያላችሁ። ብርሃን የገባበት ሁሉ ውሃ ይገባበታል። ከእያንዳንዱ ነጥብ አጠገብ ያለውን እንጨት በጠመኔ ምልክት አድርጉበት። በሌላ ቀን ዝናብ ሲዘንብ ደግሞ ውጡና ምልክት ያላደረጋችሁበት ቦታ ሲያንጠባጥብ እንዳለ እዩ። ውሃ ከገባበት ቀጥ ብሎ አይወርድም፤ እንጨቱን ተከትሎ ሁለት ሦስት ሜትር ተጉዞ ነው የሚንጠባጠበው። ኮርኒሱ ላይ ያለውን ቡኒ እድፍ አይታችሁ ከላዩ ብቻ ብትፈልጉ አታገኙትም።

በብዛት የሚያፈሰው ሚስማሩ ነው። ቆርቆሮ በቀን ግሎ ይለጠጣል፣ በሌሊት ይኮማተራል፣ ሚስማሩ ቀስ በቀስ ይወጣል፣ ጎማውም ይደርቃል። የላላውን ሚስማር መልሶ መምታት ለአንድ ክረምት ነው የሚሆነው። ይነቀልና በቦታው ወፈር ያለ ባለ ጎማ ብሎን ይታሰርበት። ብሎኑ የሚገባው በቆርቆሮው ጉብታ ላይ እንጂ ውሃው በሚሄድበት ቦይ ላይ አይደለም። ቦይ ላይ የተመታ ሚስማር ካገኛችሁ ነቅላችሁ ቀዳዳውን ድፈኑት። ሲልከን ስትቀቡ መጀመሪያ ዝገቱን በብረት ብሩሽ ፍቁት፣ አለዚያ አይይዝም። የቆርቆሮ አናት ላይ መውጣቱን ግን ለለመደ ሰው ተዉት፤ ጠዋት ጤዛ ያለበት ቆርቆሮ እንደ ሳሙና ያንሸራትታል።

አሁን ደግሞ ብዙ ሰው ከማፍሰስ ጋር የሚያምታታው ነገር አለ። ሳይዘንብ፣ በጠራ ሌሊት፣ ጎህ ሲቀድ ኮርኒስ ላይ ጠብ ጠብ የሚል ውሃ። ይህ ቆርቆሮው ላብ ስላወጣ ነው። ሰማዩ ሲጠራ ቆርቆሮ ሙቀቱን ወደ ላይ ስለሚለቅ ከአየሩ ራሱ በላይ ይቀዘቅዛል፤ ከቤት ውስጥ የወጣ እርጥብ አየር ሲነካው ቀዝቃዛ ብርጭቆ ላይ እንደሚሆነው ውሃ ይሆንና ይንጠባጠባል። እኛ ቤት ከረጠበው ንጣፍ ግማሹን ያበላሸው ይኸው ነበር። መለያው ቀላል ነው፤ ጠብታው ተበታትኖ ጣሪያውን ሁሉ ካለበሰ ላብ ነው፣ አንድ ቦታ ላይ ከሆነ ቀዳዳ ነው። ቀዳዳ በብሎን ይድናል። ላብ የሚድነው በአየር ነው፣ እመለስበታለሁ።

ኤሌክትሪኩ

ብሬከሩን አጥፍታችሁ ውጡ። ቤት ውስጥ ያለ ሰው መልሶ እንዳያበራው ወረቀት ለጥፉበት።

ገመዶቹን አንድ በአንድ በዓይን ተከተሉ። አይጥ የላጠው፣ በጨርቅ የተጠቀለለ፣ ያለ ስካቶላ (ገመዶች የሚገናኙበት ሣጥን) በባዶው የተጠማዘዘ ገመድ ካለ ንጣፍ ሳይነጠፍ በኤሌክትሪክ ባለሙያ ይሠራ። ከተሸፈነ በኋላ ማንም አያየውም፣ እሳት ሲነሳም ማንም ቶሎ አያውቅም።

በተለይ የእንጀራ ምጣድና የቦይለር ገመድ። ምጣድ ከ3 ኪሎዋት በላይ የሚስብ ዕቃ ነው። እናቶች ደግሞ አንዴ ከጀመሩ ሁለት ሦስት ሰዓት ይጋግራሉ። ያ ሁሉ ጊዜ ገመዱ ይሞቃል። አየር ላይ ያለ ገመድ ሙቀቱን ይበትናል። ኢንሱሌሽን ውስጥ የተቀበረ ግን ሙቀቱን ይዞ ይቀመጣል፣ ልባሱም እየቀለጠ ይሄዳል። ስለዚህ ገመዶቹ ከአዲሱ ንጣፍ በላይ እንዲያልፉ አንሱና ወራጁ (ቆርቆሮውን የሚሸከመው የጣሪያ እንጨት) ላይ በማሰሪያ እሰሯቸው። ነጩን ፎም (ስታይሮፎም) የምትጠቀሙ ከሆነ ጭራሽ ገመድ እንዳይነካ፤ ፎሙና የገመዱ ፕላስቲክ ሲነካኩ ከጊዜ ጋር የገመዱ ልባስ እየደረቀ ይሰነጠቃል።

ኮርኒስ ውስጥ የተቀበሩ ስፖት መብራቶች ካሉ ዙሪያቸውን 10 ሴንቲ ያህል ባዶ ተዉ። ከላያቸውም አትክደኑ። ኤልኢዲ ቢሆንም እንኳ ጀርባው ይሞቃል።

አይጥ፣ ምስጥ፣ የሌሊት ወፍ

ሞራሌውንና ወራጁን በመዶሻ እጀታ መታ መታ አድርጉ። ጤነኛ እንጨት ጥርት ያለ ድምፅ ይሰጣል፣ ምስጥ የበላው እንደ ባዶ ሣጥን ነው። ግድግዳው ጭቃ ከሆነ ከመሬት ተነስቶ የሚወጣ ቀጭን የአፈር መሥመር ፈልጉ፣ ምስጡ በዚያ ነው የሚመላለሰው። የተበላ ሞራሌ ላይ ምንም ክብደት አይጨመርም። ይለወጥ።

የአይጥ ወይም የሌሊት ወፍ ኩስ ካለ በደረቁ አትጥረጉት። ብናኙ ሳንባ ያሳምማል። ውሃ በበረኪና አድርጋችሁ ርጩበት፣ ትንሽ ቆዩ፣ ከዚያ በአካፋ ወደ ማዳበሪያ ከረጢት ሰብስቡት። አይጥ የምትገባበት ቀዳዳ የአውራ ጣት ውፍረት ብቻ ሊሆን ይችላል። ሽቦ ወንፊት አጥፋችሁ ሰንቅሩበትና በሲሚንቶ ድፈኑት። ጨርቅና ፌስታል አይጠቅምም፣ አይጥ ይበላዋል። የሌሊት ወፎችን ደግሞ ማታ ለምግብ ከወጡ በኋላ ነው የሚዘጋባቸው፤ ውስጥ ካሉ ዘግታችሁባቸው እዚያው ይሞታሉ፣ ሽታውም ለሳምንታት አይለቅም።

የድሮውን ንጣፍ ማቆየት ወይስ ማውጣት?

በእጃችሁ ጨብጡት። ደረቅ ከሆነ፣ ስትለቁት ተመልሶ ካበጠ፣ ካልሸተተ ይቆይ። ከላዩ ሌላ መጨመር ይቻላል። እርጥብ፣ የጠቆረ፣ የተጠቀጠቀ ወይም የአይጥ ሽንት የሚሸት ከሆነ ያንን ቁራጭ ብቻ ቆርጣችሁ አውጡ። ሁሉንም መጣል አያስፈልግም። እኛ ሲሶውን ጥለን የቀረውን አቆይተናል። የወጣበትን ቦታ በአዲስ ቁራጭ ሙሉና ከጎረቤቱ ጋር እኩል አድርጉት።

ክፍተት መድፈን

ይህን ብዙ ሰው ይዘለዋል። ኢንሱሌሽን ሙቀት ያዘገያል እንጂ አየር አይከለክልም። የጭቃ ቤት ላይ የግድግዳው አናትና ኮርኒሱ የሚገናኙበት ቦታ ብዙ ጊዜ ክፍት ነው። ከጭድ ጋር ተቦክቶ የሰነበተ ጭቃ ለዚህ ከማንኛውም የሱቅ ዕቃ ይሻላል፣ ርካሽም ነው፣ አይጥም ይቸገርበታል። የመብራት ገመድ የሚወርድበትን ቀዳዳ፣ የቧንቧ ማለፊያውን፣ የሰሌዳዎቹን መጋጠሚያ በሲልከን ወይም በሚረጭ ፎም ድፈኑ። ጭስ ማውጫ አጠገብ ግን ፎም አይገባም፤ እዚያ ሲሚንቶ ብቻ።

የሻወር ቤት አየር ማውጫ ጣሪያ ውስጥ የሚተነፍስ ከሆነ ቱቦ ቀጥሉለትና ወደ ውጭ አውጡት። ያ እንፋሎት ነው ቆርቆሮው ላይ ላብ የሚሆነው።

ከሰል የምታነዱበት ክፍል ካለ አንድ ነገር ላሳስብ። ኮርኒሱን ደፍናችሁ ቤቱ ሲጠብቅ የከሰሉ ጭስ እንደ ድሮው ሾልኮ አይወጣም። ቡና ሲፈላ መስኮት ይከፈት። ከሰል የተቀጣጠለበት ምድጃ ቤት ውስጥ እያለ አይተኛም።

ጣሪያው ይተንፍስ

ታች ደፍነን ላይ እንከፍታለን። ከኮርኒሱ በላይ ያለው ቦታ አየር ሊመላለስበት ይገባል። በጣሪያው ክዳን ጠርዝ ሥር ዙሪያውን አየር ማስገቢያ፣ በሁለቱ ጫፍ ባለው ባለ ሦስት ማዕዘን የግድግዳ አናት ወይም በጣሪያው ቁንጮ አጠገብ ደግሞ ማስወጫ ይኑር። በተለምዶ ለ150 ካሬ ኮርኒስ 1 ካሬ ክፍተት ይባላል። ለ60 ካሬ ቤት 0.4 ካሬ መሆኑ ነው፤ ግማሹ ታች፣ ግማሹ ላይ። ወንፊት አድርጉበት፤ ካላደረጋችሁ ወፍም ንብም ይገባል። ንጣፉ ሲመጣ ይህን ጠርዝ እንዳይደፍነው ከጠርዙ አጠገብ ስስ ሰሌዳ ወይም ካርቶን ዘንበል አድርጋችሁ ምቱና አየሩ በላዩ እንዲያልፍ አድርጉ።

ምን ይነጠፍ

ጅማ ውስጥ መጀመሪያ የሚመጣላችሁ ምክር የቡና ገለባ ነው። በየመፈልፈያው ተቆልሎ ስለሚታይ ሰው ለምን አንሞክረውም ይላል። እኔ አልመክርም። እርጥበት ይጠጣል፣ ይሻግታል፣ ነፍሳት ይገቡበታል፣ እሳት ሲነካውም ይነዳል። ሰጋቱራም እንደዚሁ ነው፣ ደግሞ ክብደቱን አስቡት። 10 ሴንቲ ሰጋቱራ በካሬ ወደ 20 ኪሎ ይደርሳል። 14 ካሬ ክፍል ላይ 280 ኪሎ ማለት ነው፣ አምስት ስድስት ባለ 50 ኪሎ ከረጢት ሲሚንቶ ኮርኒስ ላይ ጭኖ ከሥሩ መተኛት ነው ማለት ይቻላል። ፋይበር ግላስ በዚያው ውፍረት በካሬ 1 ኪሎ ተኩል ቢሆን ነው፣ ሙሉ ክፍሉ 21 ኪሎ።

ስለዚህ ምርጫዬ ፋይበር ግላስ ወይም የድንጋይ ሱፍ የሚባለው ነው። ሁለቱም በእሳት አይቀጣጠሉም፣ የዝናቡንም ድምፅ ይውጣሉ። ነጩ ፎም ሙቀት ይከላከላል፣ ለድምፅ ግን ብዙም አይረዳም፤ ሲቃጠል የሚያወጣው ጭስም አደገኛ ነው። የሚያብረቀርቀው ፎይል ለብቻው ሲሆን ከቆርቆሮው የሚወርደውን ጨረር ይመልሳል፣ ግን ሁለት ጣት የሚያህል ባዶ አየር ከፊቱ ካላገኘ አይሠራም። ኮርኒስ ላይ አንጥፋችሁት አቧራ ሲለብስም ኃይሉ ይጠፋል። ከወራጁ ሥር የሚያብረቀርቀው ፊቱ ወደ ታች ሆኖ ቢወጠር ነው የሚያዋጣው፤ ያኔም ሚስማሩ ገመድ እንዳይነካ፣ ፎይል ኤሌክትሪክ ያስተላልፋል።

ዕቃው ሁልጊዜ ጅማ አይገኝም። ከአዲስ አበባ የምታስመጡ ከሆነ 350 ኪሎ ሜትር መንገድ ስለሆነ አይሱዙው ላይ ሸራ መልበሱን ቀድማችሁ ተነጋገሩ። ረጥቦ የመጣ ጥቅልል አትረከቡ።

ስንት ይበቃል? 5 ሴንቲው ላይ 5 ስትጨምሩ በንጣፉ በኩል የሚያልፈው ሙቀት በግማሽ ይቀንሳል። 10ሩን 15 ብታደርጉት ከቀረው ላይ የሚቀንሰው ሲሶው ነው። እያደር ጥቅሙ ያንሳል፣ ዋጋው ግን ያው ነው። ለጅማ አየር በጠቅላላው 10 ሴንቲ ደህና ነው ብዬ አምናለሁ። የተረፈውን ገንዘብ ቆርቆሮው ላይ አውሉት።

ሂሳቡ ይህን ይመስላል። 4 በ3.5 ሜትር ክፍል 14 ካሬ ነው። ለመቁረጫ 10 በመቶ ጨምሩ፣ 15.4 ይሆናል። ጥቅልሉ 1.2 ሜትር ወርድና 15 ሜትር ርዝመት ካለው 18 ካሬ ይሸፍናል፣ አንድ ይበቃል።

አነጣጠፉ

የመጀመሪያው ንጣፍ በሞራሌዎቹ መካከል ከሆነ ሁለተኛው በሞራሌዎቹ አናት ላይ ተሻግሮ ይነጠፍ። ምክንያቱ ግልጽ ነው፤ እንጨቱ ራሱ ሙቀት ያስተላልፋል፣ የታችኛው ንጣፍ መጋጠሚያም ክፍት ነው። ተሻግሮ ሲነጠፍ ሁለቱንም ይሸፍናል።

ጥቅልሉን ላይ አውጥታችሁ ነው የምትፈቱት። ታስሮ ስለሚመጣ ሲፈታ ያብጣልና ከፈታችሁ በኋላ በመግቢያው አያልፍም። ከመግቢያው በጣም ከራቀው ጥግ ጀምራችሁ ወደ መግቢያው እያፈገፈጋችሁ ሥሩ። እንዲህ ካልሆነ የነጠፋችሁትን ትረግጡታላችሁ።

ለመቁረጥ ከሥሩ ጣውላ አድርጉ፣ ከላዩ ሌላ ጣውላ ጫኑና በስለታም ካተር በአንድ ጊዜ ሳቡት። መቀስ ይቦጫጭቀዋል። ቁራጩን ከሚፈለገው 1 ሴንቲ አስረዝሙት፣ ጫፍ ለጫፍ ገጥሞ በራሱ ይያዛል። አትደራርቡት፣ አትጠቅጥቁት፣ በላዩ ዕቃ አታስቀምጡበት። ሙቀቱን የሚከላከለው መስታወቱ አይደለም፣ በውስጡ የታሰረው አየር ነው። 10 ሴንቲውን ጠቅጥቃችሁ 5 ብታደርጉት አየሩን አስወጣችሁት።

አዲሱ ጥቅልል በአንድ ፊቱ ፎይል ወይም ፕላስቲክ ከተለጠፈበት ልጣጩን ገፍፋችሁ አንጥፉ፣ ካልተገፈፈ በየ20 ሴንቲው በካተር ሸንትሩት። በሁለት ንጣፎች መካከል ፕላስቲክ ካለ እርጥበት እዚያ ተይዞ ይቀራል። ከላይም ላስቲክ አታልብሱ። ብዙ ሰው ጠብታ እንዳያገኘው ብሎ ያደርገዋል፣ ከሥር የሚመጣውን እንፋሎት ግን ያፍነዋል።

ኮርኒሳችሁ አቡጀዲ ወይም ማዳበሪያ ከሆነ ቀጥታ ላዩ አይነጠፍም፣ ይረግባል። በሞራሌዎቹ አናት ላይ በየ30 ሴንቲው የማይዝግ ሽቦ ወጥሩና ንጣፉ እሱ ላይ ይረፍ።

ጠርዝ ላይ ያስቀመጣችሁት ሰሌዳ ዘንድ ስትደርሱ ንጣፉ የግድግዳውን አናት ይሸፍን፣ ከሰሌዳው አያልፍ። ጥጎች ላይ ታገሡ። ክፍቱ የእጅ መዳፍ ቢያክልም ከዚያ በታች ያለው ኮርኒስ ቀን ላይ ሲዳሰስ ይለያል፣ እናቴ ክፍል ውስጥ በአንድ ጥግ አይቼዋለሁና ተመልሼ ሞላሁት።

የመግቢያው ክዳን ይረሳል። ከጀርባው በዚያው ውፍረት ቁራጭ አስሩለት፣ ዙሪያውን ስፖንጅ ለጥፉ። ካልሆነ ቤቱን ሁሉ ሸፍናችሁ አንድ ክፍት መስኮት ተዋችሁ።

ከጨረሳችሁ በኋላ

በሚቀጥለው ፀሐያማ ቀን ከቀኑ 8 ሰዓት ላይ የሁለት ክፍል ኮርኒስ በመዳፍ ዳስሱ፣ አንዱ የተነጠፈበት፣ ሌላው ያልተነጠፈበት። ልዩነቱ ያለ ቴርሞሜትር ይታወቃል። እናቴ አሁን ቀን ላይ ክፍሏ ውስጥ ትተኛለች። ከዝናቡ ድምፅ ግን ጭራሽ መዳን አትጠብቁ፤ ይለዝባል፣ መነጋገር ይቻላል፣ አይጠፋም። መስኮትና በር በኩል የሚገባው እንዳለ ነው።

የመጀመሪያው ከባድ ዝናብ በዘነበ ማግስት ጠዋት ውጡና ንጣፉን አራት አምስት ቦታ ከፍ እያደረጋችሁ ከሥሩ በእጅ ንኩ። በተለይ በጠመኔ ምልክት ያደረጋችሁበት ቦታ። እርጥብ ካለ ያን ቁራጭ አውጥታችሁ ፀሐይ ላይ አስጡት፣ ቀዳዳውን ዝጉ፣ ሲደርቅ መልሱት። ክረምቱ ሲገባ አንዴ፣ ሲወጣ አንዴ ይኸው ይደገም።

ከመውረዳችሁ በፊት መግቢያው አጠገብ ባለ እንጨት ላይ በማርከር የተነጠፈበትን ቀን፣ ውፍረቱን፣ ስካቶላዎቹ የት የት እንዳሉና የምጣዱ ገመድ በየት በኩል እንደሚያልፍ ጻፉ። ነገ የሚወጣው ኤሌክትሪሺያን ገመዱን ፍለጋ ንጣፉን ሁሉ እየገለበጠ አይሄድም።